ግድግዳው ለምን ወደ ሐዲዱ ወጣ? ስለ አሮጌ ባቡር ጣቢያዎች የጠየቃችሁን

በዚህ እትም ዓምዳችን ሙሉ በሙሉ ስለ ባቡር ጣቢያ ነው። ጥያቄ የላኩልን አብዛኞቹ አንባቢዎች አሜሪካ ውስጥ በትንንሽ ከተሞች የሚኖሩ ናቸው፤ ስለዚህ መልሶቹም እዚያው አሜሪካ ይቆያሉ። መጨረሻ ላይ ብቻ ወደ አዋሽ ብቅ እንላለን። ቀኖቹ፣ ወሮቹና ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ ካንሳስ ውስጥ ባለች ትንሽ ከተማ እኖራለሁ። ሥራ ስሄድ የማልፈው አንድ አሮጌ የእንጨት ባቡር ጣቢያ አለ። ተቆልፎ ነው ያለው። የገረመኝ በሐዲዱ በኩል ያለው ግድግዳ መሃሉ ላይ ገፋ ብሎ ወደ ውጭ ወጥቷል፣ በሦስት ጎኑም መስኮት አለው። ጣሪያው ደግሞ ለቤቱ በጣም ሰፊ ነው፤ የአባቱን ባርኔጣ ያጠለቀ ልጅ ይመስላል። ይሄ ሁሉ ለጌጥ ነው?

መልስ፦ እህታችን፣ ሁለቱም ጌጥ አይደሉም። የሥራ ነገር ናቸው።

ወደ ውጭ የወጣው ክፍል የጣቢያ ሹሙ ቢሮ ነው። ሰውዬው ጠረጴዛው ላይ ቴሌግራፍ ነበረው። ከወንበሩ ሳይነሳ አንገቱን ብቻ አዙሮ ሐዲዱን በግራም በቀኝም እስከ ሩቅ ማየት ነበረበት። ጠፍጣፋ ግድግዳ ላይ ያለ መስኮት የሚያሳየው ፊት ለፊቱን ብቻ ነው፤ ስለዚህ ግድግዳውን ወደ ሐዲዱ ገፉትና በጎኖቹ መስኮት ከፈቱለት።

ይሄን ያህል ማየት ለምን አስፈለገ ካልሽ፣ አብዛኛው የአሜሪካ መስመር ነጠላ ሐዲድ ስለነበር ነው። ሁለት ባቡሮች በአንድ ሐዲድ ላይ ፊት ለፊት ይመጣሉ፤ የትኛው ወደ ጎን ሐዲድ ገብቶ እንደሚጠብቅና የትኛው እንደሚያልፍ የሚወስነው ሌላ ከተማ የተቀመጠ ተቆጣጣሪ ነው፤ ትእዛዙ በቴሌግራፍ ይመጣል፣ ሹሙ ወረቀት ላይ ይገለብጠዋል፣ ከዚያ ለባቡሩ ሠራተኞች ይሰጣል። ባቡሩ የማይቆም ከሆነ ወረቀቱን ረጅም እጀታ ያለው ቀለበት ላይ አስሮ ሐዲዱ ዳር ይቆማል፤ ሠራተኛው ከሚሮጠው ባቡር ክንዱን አውጥቶ ይነጥቀዋል። እኔ በበኩሌ ያን ሥራ በምንም ደመወዝ አልቀበልም። አንድ ትእዛዝ በስህተት ከተጻፈ ወይም ካልደረሰ ሁለት ባቡር ይላተማል፤ ይሄ ደግሞ በተደጋጋሚ የሆነ ነገር ነው።

ከዚያ መስኮት አጠገብ ወይም በላይ ምሰሶ ላይ የተሰቀለ የምልክት ክንድ ነበር። «ትእዛዝ አለህ» ወይም «የለህም፣ እለፍ» የሚል። የክንዱ ማንቀሳቀሻ ቢሮው ውስጥ ነው። ዛሬ ክንዱ ቢነሳም ዘንጉ ያለፈበት ቀዳዳ በግድግዳው ወይም በጣሪያው ላይ ተደፍኖ ሊኖር ይችላል። ስታልፊ ቆም ብለሽ ፈልጊው።

ጣሪያውን በተመለከተ፣ ከሥሩ የሚቆመው ሰው ብቻ አልነበረም። ሻንጣ፣ የወተት ገንቦ፣ የዱቄት ጆንያ፣ በካታሎግ ታዝዞ የመጣ ምድጃ፣ ጫጩት በካርቶን፣ ሬሳ ሳይቀር በዚያ በኩል ነው ያለፈው። ዝናብና ፀሐይ እንዳያገኘው ጣሪያውን አሰፉት። ልብ ብለሽ ካየሽ ከሥሩ ቋሚ ምሰሶ የለም፤ ከግድግዳው ተነስተው ሰያፍ ወደ ላይ የሚወጡ ደጋፊ እንጨቶች ናቸው የተሸከሙት። ምሰሶ ቢኖር የሻንጣ ጋሪው መተላለፊያ ያጣ ነበር። አናጺው እነዚያን ደጋፊዎች ጠረባቸው፣ ጠመዘዛቸው፣ አሳመራቸው። ጌጥ ካልሽው ጌጡ እዚያ ጋ ነው፤ ግን ሥራ በያዘ እንጨት ላይ የገባ ጌጥ ነው።

ሌላው የዚያ ቢሮ ዕቃ ሰዓት ነው። እስከ 1883 ድረስ እያንዳንዱ ከተማ ሰዓቱን በራሱ ፀሐይ ነበር የሚሞላው። ኅዳር 18 ቀን 1883 የባቡር ኩባንያዎቹ ተስማምተው አገሩን በሰዓት ቀጠና ከፋፈሉት። መንግሥት ይህንኑ ሕግ ያደረገው በ1918 ነው፤ 35 ዓመት ዘግይቶ ማለት ነው! እስከዚያ ትክክለኛውን ሰዓት ማወቅ የፈለገ የከተማ ሰው ወደ ጣቢያው ሄዶ፣ በቴሌግራፍ የተስተካከለውን ሰዓት አይቶ የኪሱን ይሞላ ነበር።

ጥያቄ፦ የምኖረው ጆርጂያ ነው፤ ጡረታ ከወጣሁ ቆይቻለሁ። የከተማችንን አሮጌ ባቡር ጣቢያ ሙዚየም አድርገውት የልጅ ልጆቼን ይዤ ገባሁ። ሕንፃው ትንሽ ነው፣ ሁለት የመንገደኛ መጠበቂያ ክፍል ግን አለው። አስጎብኚዋ ልጅ «አንዱ የወንዶች፣ አንዱ የሴቶች ነበር» አለችኝ። ጎረቤቴ የሆኑ ጥቁር አዛውንት ደግሞ «ውሸት ነው፣ የነጭና የጥቁር ነበር» ይላሉ። ማንን ልመን?

መልስ፦ አባታችን፣ ጆርጂያ ከሆነ ጎረቤትዎን ይመኑ። ልጅቷም ግን ከሰማይ አላመጣችውም።

በሰሜንና በምዕራብ አሜሪካ ብዙ ጣቢያዎች በእውነት የወንዶችና የሴቶች ክፍል ነበራቸው። ወንዶቹ ያጨሳሉ፣ ትንባሆ ያኝካሉ፣ ይተፋሉ። ሴቶችና ልጆች ከዚያ እንዲርቁ ሌላ ክፍል ተሠራላቸው። በደቡብ ግን ሕጉ ራሱ መጣ። ሉዊዚያና በ1890 ጥቁርና ነጭ በተለያየ ፉርጎ እንዲሄዱ የሚያዝ ሕግ አወጣች። በ1892 በሕጉ እንደ ጥቁር የሚቆጠረው ሆመር ፕሌሲ ሆን ብሎ ነጮች ፉርጎ ውስጥ ተቀምጦ ታሰረ፤ ጉዳዩ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሰ፣ በ1896 ተፈረደበት። «የተለያየ ግን እኩል» የሚባለው አስተሳሰብ የሕግ መሠረት ያገኘው በዚህ የባቡር ክርክር ነው። ከዚያ በኋላ የደቡብ ጣቢያዎች ሲሠሩም ሲታደሱም በዚሁ ልክ ተከፈሉ። በኩባንያዎቹ የሕንፃ ንድፍ ላይ ሳይቀር ክፍሉ ለማን እንደሆነ በግልጽ ተጽፎ ይገኛል።

እንዴት እንደሚለዩት ልንገርዎ። የሹሙ ቢሮ ከሁለቱ ክፍሎች መሃል ነው፤ ለእያንዳንዱ ክፍል የየራሱ ትኬት መቁረጫ መስኮት አለው። አንድ ሰው ወንበሩን አዙሮ ለሁለቱም ይሸጣል። በሮቹን ይዩ፤ ለየክፍሉ ከውጭ የተለየ በር ካለ፣ በውስጥ ደግሞ መገናኛ ከሌለ፣ ያ የወንድና የሴት አከፋፈል አይመስልም። ባልና ሚስት እኮ አብረው ነው የሚመጡት። የክፍሎቹን ስፋት ያወዳድሩ፤ የጥቁሮቹ አብዛኛውን ጊዜ ጠባቡ፣ ወደ ዕቃ መጋዘኑ የተጠጋው ነው። ምድጃው የት እንደነበር፣ መጸዳጃው ለማን እንደተሠራም ይጠይቁ። ሦስት ክፍል የነበራቸውም አሉ፦ የነጭ ወንዶች፣ የነጭ ሴቶች፣ የጥቁሮች። ለጥቁር ሴት ከማጨሻው የሚያርቃት አልነበረም።

በባቡርና በመጠበቂያ ክፍሎች ከክፍለ ሀገር ወደ ክፍለ ሀገር በሚሄዱ መንገደኞች መካከል መለያየት እንዲቀር በክፍለ ሀገራት መካከል ያለውን ንግድ የሚቆጣጠረው የፌዴራል ኮሚሽን የወሰነው በ1955 ነው፣ የጸናውም በጥር 1956። ያኔም «ይሄ እዚሁ ክፍለ ሀገር ውስጥ ለሚሄዱት ነው» እያሉ ሰሌዳውን ያላወረዱ ነበሩ። ኋላ ብዙ ቦታ መሃሉ ፈረሰ፣ ክፍሉ አንድ ሆነ፤ ዕድሳት ሲደረግ ደግሞ «የወይዛዝርት ክፍል» የሚል ቆንጆ ሰሌዳ ተለጠፈበት። ይሄን እኔ ሙዚየም አልለውም። አስጎብኚዋን አይቆጧት፤ ለሙዚየሙ ኃላፊዎች ግን ደብዳቤ ይጻፉና የመጀመሪያው የሕንፃ ንድፍ እንዲታይ ይጠይቁ፤ ጎረቤትዎንም አብረው እንዲፈርሙ ይጋብዟቸው።

ጥያቄ፦ በእኛ ከተማና በጎረቤት ከተማ ያሉት ሁለት ጣቢያዎች ቁርጥ አንድ ናቸው። ቀለማቸውም ያው። አንድ አርክቴክት ነው የሠራቸው?

መልስ፦ አርክቴክት ላይኖረውም ይችላል። ትልልቆቹ ኩባንያዎች በየጥቂት ኪሎ ሜትሩ ጣቢያ ያስፈልጋቸው ስለነበር በምህንድስና ክፍላቸው የተዘጋጀ መደበኛ ንድፍ ነበራቸው፤ ለትንሽ መንደር ይሄኛው ቁጥር፣ ከፍ ላለች ከተማ ያኛው ቁጥር እያሉ ነበር የሚሠሩት። በአንዱ ጫፍ መንገደኛ፣ መሃል ቢሮ፣ በሌላው ጫፍ ዕቃ፤ ይሄ ጥምር ዓይነቱ ነው፣ የትንሽ ከተማ ጣቢያ አብዛኛው እንዲህ ነው። ከተማዋ ካደገች የዕቃውን ጫፍ ያስረዝሙታል። ቀለሙም በኩባንያው ታዝዞ የሚቀባ ነው፤ የመስመሩን ባለቤት ከሩቅ ታውቀዋለህ።

ግን ገንዘብ ያለውና ስሙን ማስጠራት የፈለገ ኩባንያ ታዋቂ አርክቴክት ይቀጥር ነበር። ሄንሪ ሆብሰን ሪቻርድሰን የሚባለው ሰው በ1881 ለቦስተንና ኦልባኒ መስመር የኦበርንዴልን ጣቢያ ሠራ፤ ከዚያም ሌሎችን። ሻካራ ድንጋይ፣ ዝቅ ያለ ግድግዳ፣ እላዩ ላይ የተጫነ ግዙፍ ጣሪያ። ማማ የለ፣ ጉልላት የለ። ለእኔ ከዚያ በኋላ ከተሠሩት የሀብታም ከተማ ጣቢያዎች ሁሉ እነዚህ ይበልጣሉ፤ የትንሽ ጣቢያን ሥራ ገብቶት ያንኑ በድንጋይ የተናገረ ሰው ነው። ኦበርንዴልን ለመኪና አውራ ጎዳና ሲሉ አፈረሱት። የ1885ቱ ፍራሚንግሃም ግን አለ፤ ኖርዝ ኢስተን ያለውም የአካባቢው የታሪክ ማኅበር ሙዚየም ሆኖ ቆሟል። ሁለቱም ማሳቹሴትስ ናቸው።

በካሊፎርኒያ ደግሞ ሳንታ ፌ የሚባለው ኩባንያ የድሮ የስፔን ሚሲዮን ገዳማትን መልክ ወሰደ። ሳን ሁዋን ካፒስትራኖ ያለው የ1894 ጣቢያ ለዚህ ቀደምቱ ምሳሌ ነው፦ ቅስት በረንዳ፣ የሸክላ ክዳን። ከምሥራቅ በባቡር የመጣ ቱሪስት ሲወርድ «ሌላ አገር ደረስኩ» እንዲል ነው። ማስታወቂያ ነበር በአጭሩ።

ጥያቄ፦ ሐዲዱ አለ፣ የዕቃ ባቡር ያልፋል፣ ጣቢያው ግን ባዶ ነው። ለምን ተዘጉ? መኪና ነው የገደላቸው?

መልስ፦ መኪና ትልቁን ድርሻ ይወስዳል፣ ብቻውን ግን አይደለም። የመንገደኛ ባቡር ለረጅም ጊዜ ትንፋሽ ያገኘው በፖስታ ነበር፤ ደብዳቤ እየሄደ የሚለይበት ፉርጎ አብሮት ይቀጠል ነበር። ፖስታ ቤቱ በ1967 አብዛኛውን ያንን ውል ሲያቋርጥ ብዙ ባቡሮች ወዲያው ተሰረዙ። በግንቦት 1971 አምትራክ የሚባለው የመንግሥት የመንገደኛ ባቡር ድርጅት ሥራ ሲጀምር ከቀሩት የመንገደኛ ባቡሮች ግማሽ ያህሉ ቆሙ። ሹሙ ራሱ ደግሞ በሬዲዮና ከአንድ ማዕከል በሚታዘዝ ምልክት ተተካ። ያ ወደ ውጭ የወጣ መስኮት ሥራ ፈታ ማለት ነው። ኩባንያው ለባዶ ቤት ግብር ከመክፈል ማፍረሱ ይቀለዋል፤ አንዳንዱን ደግሞ በርካሽ ሸጦ ገዢው ነቅሎ ወስዶታል። እርሻ ላይ የእህል ጎተራ ሆኖ የሚገኝ ጣቢያ አለ።

ጥያቄ፦ የጣቢያችንን ዕድሜ ማንም አያውቅም። ሰሌዳው ላይ የተጻፈውን አላምንም። የት ነው የሚፈለገው?

መልስ፦ አለማመንህ ጥሩ ነው። በሰሌዳ ላይ ያለው ዓመት ብዙ ጊዜ ሐዲዱ የደረሰበት ነው፤ የመጀመሪያው ጣቢያ ተቃጥሎ ይሄኛው ሁለተኛው ወይም ሦስተኛው ሊሆን ይችላል። የእንጨት ቤት፣ የከሰል ምድጃ፣ ብልጭታ የሚረጭ ባቡር፤ ሌላ ምን ይጠበቃል?

ከሳንቦርን የእሳት መድን ካርታዎች ጀምር። ብዙዎቹ በኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት በኩል በነፃ ኢንተርኔት ላይ አሉ። እያንዳንዱ ሕንፃ ተስሏል፤ ቢጫ እንጨት ነው፣ ቀያማው ሸክላ ጡብ፣ ሰማያዊው ድንጋይ። የተለያዩ ዓመታት ካርታዎችን ጎን ለጎን አድርግ፤ በአንዱ የሌለ በሚቀጥለው ከታየ ዓመቱን አጠበብከው። ቅርጹ ከተለወጠ ተስፋፍቷል ወይም ተተክቷል። ሁለተኛው ምንጭ ብዙ ሰው የማያውቀው ነው። በ1913 በወጣ ሕግ መንግሥት የባቡር ኩባንያዎችን ንብረት ሁሉ ዋጋ አስገመተ፤ ባለሙያዎች መስመር ለመስመር እየሄዱ ሕንፃውን ለክተው ከምን እንደተሠራ መዘገቡ። ያ መዝገብ በብሔራዊ ቤተ መዛግብት አለ። አሰልቺ ነው፣ ግን ወርቅ ነው። የከተማው ጋዜጣ የድሮ እትሞችም አይረሱ፤ አዲስ ጣቢያ ሲመረቅ ጋዜጣ ዝም አይልም።

ጥያቄ፦ ከተማው ጣቢያውን ገዝቶ ሊያድስ ነው፣ እኔም ኮሚቴው ውስጥ ገባሁ። ገሚሱ «አሸዋ በማሽን ረጭተን ጡቡን እናጽዳው፣ በደማቅ ቀለም እንቀባው፣ ያን የዕቃ ክፍል አፍርሰን ፓርኪንግ እናድርገው» ይላል። እኔ ደግሞ አንዳች ነገር ይከነክነኛል።

መልስ፦ ይከንክንሽ፣ ልክ ነሽ።

አሸዋ መርጨቱን በምንም ተአምር አትፍቀዱ። የድሮ ሸክላ ጡብ ሲተኮስ ጠንካራ ቆዳ ያወጣል፤ አሸዋው ያንን ቆዳ ይገፈዋል፣ ከዚያ ውስጡ ውሃ ይጠጣል፣ ክረምት በረዶ ሲይዘው ይፈረካከሳል። ጡቡን ከጡብ የሚያያይዘውን ማልታም ተጠንቀቁ። የዱሮው ማልታ በኖራ የተሠራ ለስላሳ ነው፤ በላዩ ጠንካራ ሲሚንቶ ከሞላችሁበት ግድግዳው ሲንቀሳቀስና ርጥበት ሲወጣ የሚሰበረው ጡቡ ይሆናል። ማልታ ይተካል፣ ጡቡ ግን እንደዚያ በቀላሉ አይተካም። ግንበኛ ስትቀጥሩ በኖራ ሠርቶ የሚያውቅ መሆኑን ጠይቁ፤ «ሲሚንቶ ይሻላል» ካላችሁ አመስግናችሁ ሸኙት።

ቀለሙን ከመምረጣችሁ በፊት ከጣሪያው ሥር ፀሐይ የማያገኘውን ቦታ በባለሙያ አስፍቃችሁ ንብርብሩን እዩ፤ የኩባንያው ቀለም ከታች ይገኛል። ከ1978 በፊት የተቀባ ነገር እርሳስ ሊኖርበት ስለሚችል ራሳችሁ በደረቁ አትፋቁት።

የዕቃውን ክፍል ማፍረስ ግን ከሁሉ የከፋው ነው። ሰው የሚወደው የመንገደኛውን ጫፍ ነው፤ ኩባንያው እንጀራውን የሚበላው ግን ከዕቃው ጫፍ ነበር። ያንን ቆርጣችሁ ከጣላችሁ የቀረው የማንኛውም ሰው ጎጆ ነው። ሰፋፊዎቹ በሮች፣ ከፉርጎ ወለል ጋር እኩል እንዲሆን ከፍ ተደርጎ የተሠራው የመጫኛ መድረክ፣ በጋሪ የተፋቀው የውስጥ ጣውላ፤ እነዚህ ይቆዩ። ለአዳራሽ፣ ለገበያ፣ ለኤግዚቢሽን ከዚያ የተሻለ ክፍል አታገኙም፤ መሃሉ ምሰሶ እንኳ የለውም ብዙ ጊዜ።

ገንዘቡን በተመለከተ፣ ሕንፃው በብሔራዊ የታሪካዊ ቦታዎች መዝገብ ላይ እንዲገባ አመልክቱ። መዝገቡ የተቋቋመበት የ1966 ሕግ የመጣው በ1963 ኒው ዮርክ ፔን ስቴሽን የሚባለውን ታላቅ ባቡር ጣቢያ ማፍረስ በጀመረችበት ድንጋጤ ማግስት ነው። ነገር ግን አትሳሳቱ፤ መዝገብ ላይ መግባት ብቻውን የግል ባለቤትን በራሱ ገንዘብ ከማፍረስ አያግደውም። የሚያግደው የከተማችሁ የራሱ ደንብ ነው፤ ስለዚህ ሁለቱንም ያዙ። ሕንፃው ገቢ የሚያስገኝ ሥራ ላይ ከዋለና ዕድሳቱ የፌዴራሉን መስፈርት ካሟላ የወጪው 20 በመቶ የግብር ቅናሽ አለ፤ ከተማው ግብር ስለማይከፍል ግን ይሄ እንዴት እንደሚያዋጣ የሕግና የሒሳብ ሰው ቀድማችሁ አማክሩ። ከ1991 ጀምሮ የፌዴራል የትራንስፖርት ገንዘብም ለታሪካዊ ጣቢያዎች ዕድሳት እንዲውል ተፈቅዶ ብዙዎች የዳኑት በዚያ ነው፤ የክፍለ ሀገራችሁን የትራንስፖርት መሥሪያ ቤት ጠይቁ።

ጥያቄ፦ ልጅነቴን ያሳለፍኩት አዋሽ ነው። የእኛዎቹ የምድር ባቡር ጣቢያዎችስ እንዲህ በሥራ የተቀረጹ ናቸው?

መልስ፦ እንዴታ! የአዋሹ ጥሩ ምሳሌ ነው። የጅቡቲው መስመር ድሬዳዋ የገባው በ1902፣ አዲስ አበባ የደረሰው በ1917 ነው፤ ስፋቱ አንድ ሜትር ብቻ የሆነ ጠባብ ሐዲድ፣ ርዝመቱ ወደ 780 ኪሎ ሜትር። በመጀመሪያዎቹ አሥርት ዓመታት ባቡሩ በሌሊት አይሄድም ነበር፤ ጉዞው ሦስት ቀን ይፈጃል፣ ሌሊቱን ድሬዳዋና አዋሽ ያድራል። ስለዚህ አዋሽ ላይ ጣቢያ ብቻ አይበቃም፤ መንገደኛው ራት ይፈልጋል፣ አልጋ ይፈልጋል። አዋሽ ቡፌ የሚባለው የጣቢያው ሆቴል የተወለደው ከዚህ ነው። አሜሪካ ውስጥ የቴሌግራፉ ሥራ ግድግዳ ሲገፋ፣ አዋሽ ላይ የሌሊቱ ዕረፍት ሆቴል አሠራ። አዲስ አበባ ያለው ለገሃር ግን ሌላ ዓይነት ነው፤ በ1929 የተመረቀ የዋና ከተማ ጣቢያ ነው፣ ሥራው መንገደኛ ማሳፈር ብቻ ሳይሆን እንግዳ መቀበልና መታየትም ነበር። ስለ እሱ ብቻ ጥያቄ ካላችሁ ላኩልን፤ ለብቻው አንድ እትም ይወጣዋል።